ሊቃጠል የተሠራ ቤት

ጋሽ ሙሉቀን ሞቶ የተገኘው ሊቃጠል ቀን በተቆረጠለት ቤት ውስጥ ነው። በጀርባው ተንጋሏል፤ አጠገቡ መሰላል ወድቋል፤ የፋኖስ ብርጭቆ ወለሉ ላይ ተበትኗል። የዲመካ ፖሊስ አይቶ «ከመሰላል ወድቆ ነው» አለ። ጂንካ ተደወለ፤ ጂንካም «ከመሰላል ወድቆ ነው» አለች። ነገሩ በዚሁ ያልቅ ነበር፤ ግን መርማሪ ሳያየው መዝገብ አይዘጋም፤ በዚያ ሰሞን ደግሞ ጂንካ ላይ ከዋና ኢንስፔክተር ትርፌ በቀር መርማሪ አልነበረም። አንዱ ሥልጠና ሄዷል፣ አንዱ ታሟል፣ አንዱ ታምሜአለሁ ብሏል።

ትርፌ ደቡብ ኦሞ የመጣችው ለጥቂት ጊዜ ተብላ ነው። አሁን ፀጉሯ ሸብቷል። በቀይ አፈር በኩል ቁልቁል ሲወርዱ ወገቧን በእጇ ደግፋ፣ ኮንስታብል ሶርሳ መሪውን ይዞ መዝሙር ሲያንጎራጉር እየሰማች፣ በዚህ መንገድ ስንት አስከሬን ለማየት እንደተመላለሰች ልታስብ ሞከረችና ተወችው። ዲመካ ሳይደርሱ አዛዡ ደወሉ።

«ትርፌ፣ የፊልም ሰዎቹ የዞኑ እንግዶች ናቸው። ዛሬ ፀሐይ ስትገባ ያን ቤት አቃጥለው፣ ቀርጸው፣ ይሄዳሉ። ፈቃድ አላቸው። አታጉላያቸው።»

«እሺ ጌታዬ።»

«እሺ ብለሽኝ ደግሞ መቆፈር እንዳትጀምሪ።»

«እሺ አልኩ እኮ፣ ጌታዬ።»

ቤቱ ከከተማው ወጣ ብሎ ግራሮቹ መሀል ቆሟል። ፊልሙ የ1983 ዓ.ም. ታሪክ ነው፤ መንግሥት ሲለወጥ አንድ የአውራጃ ጸሐፊ ንብረቱን ጭኖ ይሸሻል፣ ቤቱም ከኋላው ይቃጠላል። ጋሽ ሙሉቀን ቤቱን የሠራው ለዚያ ቃጠሎ ነበር። ሲያዩት ግን ለመቃጠል የተሠራ አይመስልም። ቋሚው ወፍራም ነው፤ ማገሩ ጥብቅ ነው፤ የቆርቆሮው ዝገት ቀለም ነው እንጂ ከሥሩ ቆርቆሮው አዲስ ነው።

በሩ ላይ ነጭ ጋውን የለበሰች ሴት ቆማ ጠበቀቻቸው። የጤና ጣቢያው አዋላጅ ሲስተር አለምነሽ ነች።

«ኢንስፔክተር፣ ከመግባትዎ በፊት እነዚያን ይዩልኝ» አለች፤ በእጇ ወደ አንድ ትልቅ ግራር እያመለከተች። ከሥሩ ሆዳቸው የገፋ ሴቶች እግራቸውን ዘርግተው ተቀምጠዋል። «መውለጃቸው ደርሶ ከሩቅ በእግራቸው የመጡ ናቸው። ጤና ጣቢያው ማደሪያ የለውም፤ የሚያድሩት እዚያ ዛፍ ሥር ነው። ባለፈው ዝናብ አንዷ እዚያው ሞታብኛለች። ጋሽ ሙሉቀን ቤቱን አናቃጥለውም፣ ለእናቶች ማቆያ ይሁንሽ ብሎኝ ነበር። አሁን እሱ ሞተ፤ ቤቱም ዛሬ ይቃጠላል እያሉኝ ነው።»

«እኔ የመጣሁት ለሰውየው እንጂ ለቤቱ አይደለም» አለች ትርፌ። ደክሟት ስለነበር ድምፅዋ ካሰበችው በላይ ሻከረ።

«የሰውየውም ነገር አልጣመኝም። ጉልበቱን ሳክምለት የከረምኩት እኔ ነኝ። የጤና ጣቢያውን ደረጃ እንኳ ሰው ካልደገፈው አይወጣም። መሰላል ማን አወጣው?»

ትርፌ ገባች፤ ተንበረከከች፤ የተሸፈነበትን ነጠላ ገለጥ አደረገች። ጋሽ ሙሉቀን እጆቹ ላይ ዛሬም ቀለም አለ፤ ፂሙ ሳይቀር ቡናማ ቀለም ነክቶታል። ቁስሉ ከኋላ፣ ከማጅራቱ ከፍ ብሎ ነው። ቀጥ ያለና ጠባብ ነው፤ የአንድ ነገር ጠርዝ የመታው እንጂ ጠፍጣፋ ወለል የመታው አይመስልም። አስከሬኑን ለምርመራ ወደ ጂንካ ሆስፒታል እንዲጭኑት አዘዘችና ክፍሉን ታይ ጀመር።

የሽቦ አልጋ አለ፣ ከመስኮቱ ትይዩ ካለው ግድግዳ ተጠግቶ። ጠረጴዛ አለ፤ ጠረጴዛው ላይ ነጭ የብረት ኩባያ። አንድ ወንበር። ግድግዳው ላይ ግንቦት 19 ላይ የቆመ የ1983 ዓ.ም. ቀን መቁጠሪያ። መስኮቱ ሥር ሰሌን ተነጥፏል። ጥግ ላይ የእንጨት ሣጥን ተቀምጧል። ወለሉ በእበት ተለቅልቆ ገና ሽታው አለቀቀም። ትርፌ ወንበሩ ላይ ተቀመጠች። እንደተቀመጠች ፊት ለፊቷ የመጣው መስኮት የሌለው፣ በር የሌለው፣ ምስማር እንኳ የሌለው ባዶ ግድግዳ ነው። ኩባያውን አየች፤ ጆሮው ወደዚያው ግድግዳ ዞሯል። ጠረጴዛው ላይ ያለው ፎቶግራፍም እንደዚያው።

«ሶርሳ፣ አንተ ቤት ወንበሩ ወዴት ነው የሚዞረው?»

«ወደ በሩ። ሚስቴ ግን ወደ ቴሌቪዥኑ ታዞረዋለች።»

«ወደ ባዶ ግድግዳስ?»

«ምን ቆርጦኝ!»

ትርፌ ተነሥታ ግድግዳውን በጣቷ ቆረቆረችው። ባዶ ድምፅ ሰጠ። ጭቃ የተቀባ ስስ ጣውላ ነው።

የፊልሙ አዘጋጅ ያቤጽ ከውጭ የነዳጅ በርሜል የጫነ መኪና አጠገብ ይንጎራደድ ነበር። ወጣት ነው፤ ዓይኑ ግን እንቅልፍ ካየ የሰነበተ ይመስላል።

«ያ ግድግዳ ተነቃይ ነው» አላት ስትጠይቀው። «በቀረጻ ቀን እናነሣዋለን፤ ካሜራው እዚያ ይቆማል። ክፍሉ ውስጥ ያለው ነገር ሁሉ የሚታየው ከዚያ በኩል ነው።»

«የመጨረሻው ቀረጻ መቼ ነበር?»

«ቅዳሜ። ትናንት እሁድ አረፍን። ዛሬ የቀረን ቃጠሎው ብቻ ነው።»

«ሟቹ ምንህ ነበር?»

ያቤጽ ግንባሩን አሸ። «ሁሉ ነገሬ። ፕሮዳክሽን ዲዛይነርም ፕሮዳክሽን ማናጀርም እሱ ነው። ቤቱን ይሠራል፤ ሠርቶ ሲጨርስ መኪናው የት አለ፣ ምሳ ደረሰ ወይ፣ ፈቃዱ አለቀ ወይ የሚለውም የእሱ ጭንቀት ነው። ሥራ የጀመረው ደርግ በወደቀ ሰሞን፣ የቲያትር መጋረጃ በመቀባት ነው። ከዚያ ወዲህ ቤተ መንግሥት ሠርቷል፣ እስር ቤት ሠርቷል፣ ሠርግ ቤት ሠርቷል። አንዱም ዛሬ የለም። ቀረጻው ሲያልቅ ይፈርሳላ።»

«ይሄኛው አይፈርስም አለህ?»

አዘጋጁ የአንዱን በርሜል ክዳን ጠበቅ አደረገ። ትርፌ አልቸኮለችም። ሰው ዝም ሲል መጠበቅ የማይሰለቻት ብቸኛው የሥራዋ ክፍል ነው።

«ትናንት ምሳ ሰዓት ነገረኝ» አለ በመጨረሻ። «ቤቱን ለአዋላጇ ቃል ገብቻለሁ አለኝ። ጮኽኩበት። መጨረሻ የሌለው ፊልም ማን ያያል? ከዚያ በኋላ ነዳጅ ላመጣ ቱርሚ ሄድኩ፤ የተመለስኩት ፀሐይ ስትገባ ነው። በቀጥታ ወደ ማረፊያችን ገባሁ።»

«ያየህ ሰው አለ?»

«የለም። እንደዚህ ይመጣል ብዬ ምስክር አላዘጋጀሁም።»

የጋሽ ሙሉቀን ምክትል ኤፍራታ ከሴቶቹ ራቅ ብላ ሌላ ግራር ሥር ብቻዋን ተቀምጣለች። አርባን የተሻገረች፣ ቀጠን ያለች ሴት ነች። ገና በልጅነቷ አዲስ አበባ ውስጥ ቀለም ልትበጠብጥለት ገብታ ከዚያ ወዲህ ከጎኑ አልተለየችም። የቤቱ ዕቃዎች በእሷ እጅ ናቸው፤ ትዕይንት ተቋርጦ ሲቀጠል እያንዳንዱ ነገር በቦታው መመለሱን የምታረጋግጠውም እሷ ነች። ትርፌ አጠገቧ ስትቀመጥ ኤፍራታ የውኃ ጠርሙሷን ከድንጋዩ ላይ አነሣች፤ ተጎነጨችና ጠርሙሱ ድንጋዩ ላይ ጥሎት በነበረው እርጥብ ክብ ላይ ልክክ አድርጋ መልሳ አስቀመጠችው።

«ትናንት ወደ ቤቱ ሄደሻል?»

«አልሄድኩም። ልብስ ሳጥብ ዋልኩ። ቤቱን ለመጨረሻ ጊዜ ያየሁት ቅዳሜ ነው።»

«ዛሬ ጠዋት ስትገቢ የተለወጠ ነገር አየሽ?»

«ምንም። ቅዳሜ እንደተውነው ነው።» ዓይኗ እንባ ሞላ። «ጋሼን ብቻ ነው ያየሁት፣ እመቤቴ። ሌላ ነገር የሚታየኝ ይመስልዎታል?»

«ጠላት ነበረው?»

«ጠላት እንኳ አልነበረውም። ግን ጅሩ ቅዳሜ ተቆጥቶት ነበር። ከያቤጽም ጋር ትናንት ተጯጩኸዋል ሲሉ ሰምቻለሁ። ጋሼ ደግሞ ሰው ሲቆጣው የሚመልስ ሰው አይደለም።»

ጅሩ የሐመር ልጅ ነው፤ ለፊልሙ አስተርጓሚ ነው፤ ሰው ቢፈለግ፣ ፍየል ቢፈለግ፣ እንጨት ቢፈለግ እሱ ነው የሚያመጣው። ጠዋት አስከሬኑን ያየውም እሱ ነው። ከመርማሪ ፊት የቆመ ሰው አይመስልም፤ ዱላውን ተደግፎ እንደ ልቡ ያወራል።

«ቅዳሜ ተጣላሁት። እውነት ነው» አላት። «ቤት ትሠራለህ፣ ጥሩ ቤት፤ ከዚያ ታቃጥላለህ። ለምን? ሰው ዛፍ ሥር ያድራል፣ አንተ ቤት ታቃጥላለህ! እንደዚህ አልኩት። እሁድ መጣ፣ ጅሩ ልክ ነህ አለ። ታረቅን።»

«እሁድ ምን ሠራችሁ?»

«ሴቶች ወለሉን ለቀለቁ። አለምነሽ ትልቅ ሥዕል አመጣች፤ የልጆች ክትባት ሥዕል። ግድግዳ ላይ አደረግን፣ የድሮውን ቀን መቁጠሪያ አወረድን። እኔና እሱ አልጋውን አነሣን፣ መስኮት ሥር አደረግን። የምትወልደው ሴት ነፋስ ታግኝ አለ። እኔ ወደ ፍየሎቼ ሄድኩ። እሱ እዚያ ቀረ፣ ወንበር ላይ ተቀመጠ። ደስ ብሎት ነበር።»

«ዛሬ ጠዋትስ?»

ጅሩ ፊቱ ተለወጠ። «ዛሬ ጠዋት አልጋው ተመልሷል። ሥዕሉ የለም። ለፖሊሱ ነገርኩት። ሰው ሞቶ አንተ ስለ አልጋ ታወራለህ አለኝ።»

ትርፌ ወደ ቤቱ ተመለሰች። መስኮቱ ሥር ያለውን ሰሌን በእግሯ ገፋ አደረገችው። ከሥሩ፣ እርጥብ በነበረ ጊዜ የተጫነው እበት ላይ፣ አራት ጉድጓዶች አሉ። የአልጋ እግሮች ናቸው። አልጋው አሁን ባለበት ቦታ ግን ወለሉ ደርቆ ከቆየ በኋላ ስለተቀመጠ ምንም ጠባሳ የለም። ከዚያ አልጋውን ራሱን አየችው። ብረቱ ሁሉ በጋሽ ሙሉቀን ቀለም ያረጀ ነው፤ ዝገቱ እውነተኛ ይመስላል። በአንዱ ጥግ ብቻ ቀለሙ ተፍቆ አዲሱ ብረት ያብለጨልጫል። ጎንበስ ብላ ከሥር በኩል መጋጠሚያውን በባትሪ አየች። ሲታጠብ ውኃው ያልደረሰበት ደም አለ፤ አብሮት ጥቂት ሽበት።

ሣጥኑን አስከፈተች። የክትባቱ ሥዕል በጥንቃቄ ተጠቅልሎ፣ በክር ታስሮ፣ ከሌሎቹ የፊልም ዕቃዎች ጎን ተቀምጧል።

«የሣጥኑ ቁልፍ ማን ዘንድ ነው?» ስትል ጠየቀች።

«አንዱ ኤፍራታ ዘንድ፣ አንዱ ጋሽ ሙሉቀን ኪስ ውስጥ» አለ ሶርሳ። «የጋሽ ሙሉቀኑን እኔው ነኝ ከኪሱ ያወጣሁት። እንግዲህ ሁለቱም ሊከፍቱት ይችሉ ነበር።»

ስልኳ ጠራ። አዛዡ ናቸው። «ትርፌ፣ ጨረስሽ?»

«ልጨርስ ነው፣ ጌታዬ» አለች፤ እንደ እውነቱ ከሆነ ደግሞ አልዋሸችም።

ፀሐይዋ ዘቅዘቅ ስትል ሁሉንም ወደ ቤቱ ጠራቻቸው። ያቤጽ ከደጅ የቆመውን የነዳጅ መኪና በዓይኑ እየጠበቀ ገባ። ሲስተር አለምነሽ በሩ ላይ ቆመች። ጅሩ ዱላውን ይዞ ከመስኮቱ ተጠጋ። ኤፍራታን ትርፌ ራሷ ጠረጴዛው አጠገብ አቆመቻት። ነጩን ኩባያም አንሥታ አየችው፤ መልሳም ጆሮውን ወደ መስኮቱ አዙራ አስቀመጠችው። ማንም ልብ አላላትም።

«ብርሃኑ ሊያልቅብን ነው» አለ ያቤጽ።

«እኔም እንዳንተ ብርሃን ነው የምፈልገው» አለች ትርፌ። ወገቧን ደግፋ ከአልጋው አጠገብ ቆመች። «ይሄ ሰው ከመሰላል አልወደቀም። ጉልበቱ መሰላል አያስወጣውም፤ ቁስሉም የወለል አይደለም። የመታው የዚህ አልጋ ጥግ ነው። ደሙን ያጠበው ሰው አብሮ የዝገቱን ቀለም ፍቆታል። በዚህ ቤት ውስጥ አዲስ ሆኖ የሚታየው ብረት ይሄ ብቻ ነው።»

«ታዲያ ወደ አልጋው ወድቆ ይሆናል» አለ ያቤጽ።

«ይሆናል። ግን ሲሞት አልጋው እዚህ አልነበረም፤ መስኮቱ ሥር ነበር። እግሮቹ ወለሉ ላይ አሉ። የሞተ ሰው አልጋ አይገፋም። ሌላ ሰው አልጋውን መለሰ፣ ሰሌኑን በጉድጓዶቹ ላይ አነጠፈ፣ የክትባቱን ሥዕል አወረደ፣ ቀን መቁጠሪያውን ሰቀለ፣ ከዚያ መሰላል አምጥቶ ጣለ፣ ፋኖስም ሰበረ።»

«ያ ሰው ራሱ ጋሽ ሙሉቀን ቢሆንስ?» ያቤጽ ድምፁ ከፍ አለ። «ስጮኽበት ሐሳቡን ለውጦ ይሆናላ! ለቃጠሎው ብሎ ክፍሉን እንደነበረ መልሶ ይሆናላ! ሲደክም ወደቀ በቃ።»

«መልካም። አሁን አንድ ጥያቄ ልጠይቅህ። በቃጠሎው ትዕይንት ይህ ክፍል ውስጥ ምን ምን አለ?»

ያቤጽ ሲናገር ድምፁ ዝቅ አለ። «ምንም የለም። ጸሐፊው ንብረቱን ጭኖ ሸሽቷል። የሚቃጠለው ባዶ ቤት ነው።»

«ባዶ ቤት» አለች ትርፌ። «ጋሽ ሙሉቀን ሐሳቡን ለውጦ ቢሆን ዕቃውን ያወጣ ነበር እንጂ አይመልስም። ቤቱን ለእናቶች አዘጋጅቶ ቢሆንም፣ ለቃጠሎ አዘጋጅቶ ቢሆንም፣ ክፍሉ እንደዚህ መሆን አልነበረበትም። ይሄ ክፍል ያለው ቅዳሜ ላይ ነው። ማንም የማይፈልገው ቅዳሜ። እኔ ከጠዋት ጀምሮ ስጠይቅ የዋልኩት ማን ገደለው ብዬ አይደለም፤ ማነው ሲደነግጥ እጁ ዕቃ ወደ ቦታው የሚመልሰው ብዬ ነው።»

 ከውጭ የፍየል ድምፅ ይሰማል።

«ጅሩ የአልጋውን መመለስ ለፖሊስ የነገረ ሰው ነው፤ ራሱ መልሶት ቢሆን ዝም ይል ነበር። ያቤጽ፣ ዘወር ሳትል ንገረኝ፤ ከኋላህ ያለው ቀን መቁጠሪያ ስንት ቀን ላይ ነው?»

«ግንቦት… ሃያ?»

«አስራ ዘጠኝ ነው። አዘጋጁ እንኳ አያውቀውም፤ ማወቅም ሥራው አይደለም። ይህ ሥራዋ የሆነ ሰው ግን እዚህ አለች።» ትርፌ ወደ ጠረጴዛው ዞረች። «ኤፍራታ፣ እጅሽን ተመልከቺ።»

ሁሉም አዩ። የኤፍራታ ቀኝ እጅ ኩባያው ላይ ነበር። ሲያወሩ፣ ዓይኗ ትርፌ ላይ ተተክሎ፣ ጣቷ ኩባያውን ቀስ አድርጎ አዙሮታል። ጆሮው ወደ ባዶው ግድግዳ፣ ካሜራው ወደሚቆምበት ተመልሷል። ኤፍራታ እጇን እንደ ተቃጠለ ሰው ሰበሰበች። ከዚያ መካድ እንኳ ሰለቻት፤ ወንበሩ ላይ ተቀመጠች።

«ገፋሁት» አለች። «ልገድለው አይደለም። እግዚአብሔር ያውቃል፤ ልገፋውም አላሰብኩም ነበር።»

«ለምን መጣሽ?»

«ቃጠሎው ቀረ ሲሉ ሰማሁ። መጣሁ። አልጋው ተነሥቷል፤ ቀን መቁጠሪያዬ መሬት ላይ ነው፤ እሱ ወንበሩ ላይ ተቀምጦ ይስቃል። ኤፍዬ፣ የሆነ ሰው ሊተኛበት ነው እኮ አለኝ።» እንባዋን በክንዷ ጠረገች። «ይሄን ቤት የሣልኩት እኔ ነኝ፣ ኢንስፔክተር። የእሱ ዓይን ከደከመ ሰንብቷል። ያለፉትን ሁሉ እኔ ሣልኩ፣ በእሱ ስም ወጡ፣ ፈረሱ፤ አንድ ቀን አልከፋኝም። በዚህኛው ግን ፊልሙ ላይ ስሜ ይጻፋል ብሎኝ ነበር። እኛ የምንሠራው ቤት ዕድሜው ካሜራው ውስጥ ያለችው ደቂቃ ብቻ ነው። ያቺ ደቂቃ ከሌለች የለሁም። ቤቴን ሳይጠይቀኝ ሰጠብኝ። የአንተ ብቻ አይደለም ብዬ ደረቱን ገፋሁት፤ ጉልበቱ አልያዘውም።»

«ጉልበቱን ታውቂያለሽ። ታዲያ ለምን መሰላል?»

ኤፍራታ ጥያቄውን ለመጀመሪያ ጊዜ እንደሰማች ሁሉ ቆይታ አሰበችበት።

«እኔ የማስታውሰው ጋሼ ሁልጊዜ መሰላል ላይ ነው» አለች። «ሥዕሉንም መጣል ነበረብኝ፤ ግን ዕቃ ጥዬ አላውቅም። ሌላውን እንዴት እንደመለስኩት አላውቅም፤ እጄ ነው።»

ትርፌ በሕጉ መሠረት የሚባለውን ሁሉ አለቻት፤ ሶርሳም እየመራ ወደ መኪናው ወሰዳት። በሥራዋ ዘመን ብዙ ሰው አምኖላታል፤ አንዱም ቀን ደስ ብሏት አያውቅም። ዛሬም ደስ አላላትም።

ሲስተር አለምነሽ ከበሩ አልተነቃነቀችም። «ቤቱስ?» አለች።

«ማስረጃ ነው» አለ ያቤጽ ቀድሞ፤ ወንበሩ ላይ ተዘርፍጦ። «ይታሸጋል። እኔም አላቃጥለውም፣ እናንተም አትገቡበትም። ፍርድ ቤቱ እስኪጨርስ ምስጡ ይበላዋል።»

ልክ ነበር። ትርፌም እንደዚያ እንደሚሆን ከማንም ይበልጥ ታውቃለች። የታሸገ ቤት አይታለች፤ ማኅተሙ ላይ ሸረሪት አድርቶ፣ ባለቤቱ ከደጁ አርጅቶ። ማሸግ ለእሷም ይቀላል፤ ማንም አይጠይቃትም። ወደ ግራሩ አየች። አንዷ ሴት ወገቧን በሁለት እጇ ይዛ ተነሥታለች፤ ሌላኛዋ ትደግፋታለች።

«የቤቱ ባለቤት ማነው?» አለች።

«በወረቀት እኔ ነኝ» አለ ያቤጽ።

«ታቃጥለዋለህ?»

ያቤጽ ወለሉን አየ። «አሁን ባቃጥለው በእሳቱ ውስጥ የማየው ጋሼን ነው» አለ። «ይውሰዱት። ይውሰዱት በቃ፤ እኔም ደከመኝ።»

«ሶርሳ!» ትርፌ ወደ ውጭ ተጣራች። «አልጋውን ጫን። ሰሌኑን፣ መሰላሉን፣ ኩባያውን፣ ቀን መቁጠሪያውን ጫን። ወለሉን ከየአቅጣጫው ፎቶ አንሣ፤ ጉድጓዶቹን ለካ። ጅሩ፣ ያቤጽ፣ ሁላችሁም ምስክር ሆናችሁ ትፈርማላችሁ።»

«ቤቱን ግን ሳናሽግ ልንሄድ ነው?» አለ ሶርሳ። «ዐቃቤ ሕጉ ቢጠይቅዎትስ?»

«ይጠይቀኝ። የገደለው አልጋው ነው፤ እሱን ይዘናል። ቤቱ ምን አደረገ?»

ዕቃው ወጥቶ ክፍሉ ባዶ ሲሆን ጅሩ ከጤና ጣቢያው ፍራሽ ተሸክሞ መጣ። አለምነሽ የጨነቃትን ሴት በክንዷ አቅፋ ከግራሩ ሥር ታመጣት ጀመር። ሴትዮዋ ቀስ ትላለች፤ ሁለት እርምጃ ትሄድና ትቆማለች። ሶርሳ ሞተሩን ሊያስነሣ ሲል ኤፍራታ ከኋላ ወንበር፣ ካቴና በገባበት እጇ መስተዋቱን ነካች።

«እባክዎን ትንሽ ይቆይልኝ» አለች። «በሕይወቴ ሙሉ ቤት ሠርቻለሁ። አዘጋጅ ግባ ሳይለው የገባበት ሰው አይቼ አላውቅም።»

ትርፌ ለሶርሳ በእጇ ምልክት ሰጠችው፤ ሶርሳም ቁልፉን ለቀቀ። ሴትዮዋ ደፉ ላይ ደርሳ ቋሚውን ያዘች፤ አየችው፤ ከዚያ ግንባሯን አስደግፋበት ምጧ እስኪያልፍላት ቆየች። አለምነሽ የሆነ ነገር አለቻት። ሴትዮዋ ገባች፤ በሩም ተዘጋ። ኤፍራታ እንባዋ እየወረደ በሩን ብቻ ታያለች። ትርፌ ከፊት ተቀምጣ፣ ወገቧን በእጇ ደግፋ፣ ቶሎ እንሂድ አላለችም።